ረጅም፣ አጭር አጭር

ወፍጮው ድንገት ጸጥ ሲል መብራት የሄደ መስሎኝ ነበር። ቀና ስል አምፖሉ በርቷል። ያኔ ነው ልቤ ድንግጥ ያለው። ባለወፍጮው የሰው እህል ሳያልቅ አጥፍቶ አያውቅም።

ለቡ መብራት ኃይል ሰፈር፣ ወፍጮ ቤት በር ላይ ቁጭ ብዬ እህል አበጥራለሁ። እንጀራዬ ይሄ ነው። ሁለት ሰዎች ፊቴ ቆመው የልጄን ስም ጠሩ።

"እናቷ አንቺ ነሽ?"

"ነኝ።"

"የት ናት?"

"አላውቅም።"

እውነቴን ነበር። ልጄ ስለ ሰፈራችን ቤቶች መፍረስ በስልኳ ጽፋ፣ ሰዎች እያፈላለጉሽ ነው ሲሏት "እማ፣ ትንሽ ቀን ዘወር ልበል" ብላኝ ከወጣች ሦስተኛ ቀኗ ነው። ጭኔ ላይ ያለውን ገለባ አራግፌ ተነሳሁ። ሰፌዴን እዚያው ተውኩት።

ፖሊስ ጣቢያ ወስደው ያስገቡኝ ክፍል በረኪናና እርጥብ ስፖንጅ ትሸታለች። መስኮቷ ጣሪያው ሥር ናት። ስምንት ሴቶች ነበርን። ጥግ ላይ አንዲት የካቶሊክ መነኩሴ ነበሩ፤ ሁላችንም ሲስተር እንላቸዋለን። ካህን ለሚሆኑ ተማሪዎች ላቲን ያስተምሩ ነበር። ለምን እንደታሰሩ አልጠየቅኳቸውም፤ እዚያ ቤት ይሄ አይጠየቅም። ባዶ ጀሪካን በጣታቸው እየመቱ ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሳሉ።

"ሲስተር፣ ጸሎት ነው?" አልኳቸው።

"አይ፣ ግጥም ነው። የጥንት ሮማውያን።" አንድ መስመር ጮክ ብለው አሰሙን።

"ቤት አልመታም እኮ!" አለች ባጃጅ የምትነዳዋ ልጅ። "ሲስተር፣ ይሄን ይዘው እኛ ሰፈር ሠርግ ቢመጡ ሳይበሉ ነው የሚሸኙዎት።"

ሳቅን። እሳቸውም ሳቁ። "የነሱ ቤት አይመታም" አሉ። "በድምፁ ርዝመት ነው የሚሄደው። ረጅሙ የአጭሩን እጥፍ ይቆያል። ረጅም፣ አጭር አጭር፤ ይሄ አንድ እግር ነው። አንዳንዴ በሁለቱ አጭር ፋንታ አንድ ረጅም ይገባል። ስድስት እግር ሲሞላ መስመሩ አለቀ።" እያሉ ጀሪካኑን መቱት።

እጄ ሳላስበው ተነሳ። ይሄንማ አውቀዋለሁ! ስንዴውን አንዴ ወደ ላይ እሰደዋለሁ፣ ሁለቴ ነቅነቅ አደርገዋለሁ። ሰፌድ እንደያዘ ሰው ሆኜ አሳየኋቸው። ሲስተር ጀሪካኑን መምታት ትተው አዩኝ።

"ተማሪዎቼ ይሄ እስኪገባቸው ወር ይፈጅብኝ ነበር" አሉ።

ከሦስተኛ ክፍል ነው ያቋረጥኩት። እንዲህ ያለኝ አስተማሪ አልነበረም። ያን ቀን እስር ቤት መሆኔን ለትንሽ ረሳሁት።

ደግሞ ሌላ ነገር ነገሩኝ። ግጥም ብቻ አይደለም፤ ንግግር አዋቂዎቻቸውም ነገራቸውን ሲዘጉ እንደመጣ አይዘጉትም፣ የሚያርፉበት ምት አላቸው። በአንዱ ስም ሌላው ቢጽፍ፣ ቃሉ እንኳ ቢመሳሰል አዘጋጉ ያሳብቅበታል።

በማግስቱ ረፋድ ላይ ተጠራሁ። መርማሪው ከልጄ ብዙ አይበልጥም። ወረቀት ፊቱ አለ።

"እናት፣ ቃልሽ ተጽፏል። አሻራሽን አድርጊና ዛሬውኑ ቤትሽ ትገቢያለሽ።"

"አንብብልኝ።"

አነበበ። "በመኖሪያ ቤቴ ውስጥ ልጄ ግለሰቦችን በማሰባሰብ ምክክር ታካሂድ እንደነበር አረጋግጣለሁ" ይላል። ይሄ ወረቀት አሻራዬ ከታተመበት ልጄ አለቀላት።

"እስቲ ድገምልኝ።"

ሲደግመው ጠረጴዛው ሥር በጣቴ ጭኔን መታሁ። አልሄደልኝም። መተንፈሻ የለውም።

"ይሄ የኔ ቃል አይደለም" አልኩት።

"ማንበብ ትችያለሽ እንዴ?"

"ሰምቼው ነው። እኔ ሳወራ ቶሎ ቶሎ አርፋለሁ። ይሄ ሰውዬ አያርፍም።"

"የቱ ሰውዬ?"

"ይሄን የጻፈው።"

ብዕሩን ጣል አደረገ። "አሻራ ነው የጠየቅኩሽ፣ ትችት አይደለም! መክረም ትፈልጊያለሽ?"

"የኔን ጻፍ፤ እፈርምበታለሁ። ልጄ ቤቴ ትበላለች። ቤቴ ታድራለች። ስብሰባ አላየሁም።"

"እንግዲያው ዛሬ ቤትሽ አትገቢም" አለ። ሌላ ወረቀት ስቦ ጻፈው። አስነበብኩት፤ የኔው ነበር። የቀለሙን ሳጥን ሲገፋልኝ መለስኩለት። ብዕሩን አንስቼ ስሜን እስከ አባቴ ጻፍኩ። ፊደሎቹ ተንጋደዋል፣ ግን ሁሉም አሉ።

ለዚያች ፊርማ ዘጠኝ ቀን ከረምኩ። ያን ቀን ወደ ክፍሏ ተመልሼ ስነግራቸው ሲስተር ጀሪካኑን አንስተው መቱልኝ። ረጅም፣ አጭር አጭር። ባጃጅ ነጂዋ በጭብጨባ ተቀበለቻቸው። "እትዬ፣ ሮማዊት ሆኑ በቃ!" አለችኝ።

በአሥረኛው ቀን ለቀቁኝ። ሲስተርም ከኔ በኋላ መውጣታቸውን ሰምቻለሁ። የሚኒባሱ ረዳት "ለቡ፣ ለቡ፣ መብራት ኃይል!" ሲል ምቱን በጣቴ እየቆጠርኩ ሄድኩ። በሩን የከፈተችልኝ ልጄ ናት፤ እንደምፈታ ሰምታ ተመልሳለች። ከዚያ ወዲህ የጠየቃት የለም።

ዛሬም ወፍጮ ቤቱ በር ላይ ነኝ። ወፍጮው ጸጥ ሲል መጀመሪያ አምፖሉን አያለሁ፤ ይሄ ገና አልለቀቀኝም። ግን ሰፌዱን ሳነሳ ቀና ብዬ ነው የምቀመጠው። በሰው ቃል አልፈረምኩም።

ቤቴ ገብቻለሁ። ልጄም አለች። ደህና ነን።