የእትዬ ከድጃ ልጅ ጥላ

ሰሚት ባለው ቢሯችን አንድ ልጅ ፖስተር ሊለጥፍ ኮላ ሲከፍት፣ ሽታው ሾላ፣ አባቴ ፎቶ ቤት ድረስ ይዞኝ ሄደ።

ያኔ ልጅ ነበርኩ፤ ጦርነቱ ካበቃ ብዙም አልቆየም ነበር። ገበያው ውስጥ በርበሬ የሚሸጡት እትዬ ከድጃ ልጃቸው ዘምቶ አልተመለሰም፤ አብረው የተነሱት ፎቶም አልነበራቸውም። አባቴ ልጁን ከሌላ ፎቶ ላይ በምላጭ ቆርጦ በእሳቸው ፎቶ ላይ አጠገባቸው በኮላ ለጠፈውና እንደ አንድ ፎቶ መልሶ አነሳው።

እትዬ ከድጃ ፎቶውን ሲቀበሉ በጣታቸው ዳሰሱት። «ይኸው፣ መጣልኝ» አሉ።

እኔ ጣልቃ ገባሁ። «የእርስዎ ጥላ ወደ ግራ ነው፤ የሱ ግን ወደ ቀኝ። አንድ ላይ አልቆማችሁም።» ጎበዝ የሆንኩ መስሎኝ ነበር።

ፎቶውን ወደ ዓይናቸው አስጠጉ። ከዚያ ቀስ ብለው «እንግዲያ እሱ የት ነው የቆመው?» ሲሉ አባቴን ጠየቁት።

እሳቸው ሲወጡ አባቴ ወደ እኔ ዞረ። «ዓይንስ ሰጥቶሃል፤ ልብ ይስጥህ።»

ምርቃት መስሎኝ «አሜን» አልኩ።

ዛሬ የፊልም ቪዥዋል ኢፌክት ሱፐርቫይዘር ነኝ፤ በየቦታው የተቀረጹ ምስሎች በኮምፒውተር አንድ ላይ ሲገጣጠሙ እቆጣጠራለሁ። እንጀራዬ ያቺው ናት፤ ስክሪን ፊት ተቀምጬ «ጥላው ልክ አይደለም» እላለሁ። የቢሮው ልጆች «ጋሼ፣ ምን ዓይነት ዓይን ነው የሰጠህ!» ሲሉኝ አንገቴን እደፋለሁ።