የቀፎ ገመድ የበላው እግሬ

መጀመሪያ የተሰማኝ ቀኝ ቁርጭምጭሚቴ ላይ ፍም የነካኝ ያህል ማቃጠል ነው። ደርግ ከወደቀ ጥቂት ዓመት ሆኖት ነበር፤ ከቴፒ ወዲያ ጫካ ውስጥ ቡና እየለቀምን ነበር። እባቡን ያየሁት ጅራቱ ቅጠል ውስጥ ሲገባ ብቻ ነው።

የሟች ባሌ ታላቅ ወንድም ጌታሁን ቀድሞ ደረሰ። ንብ አናቢ ነው። ቀፎ ዛፍ ላይ የሚያወጣበትን ገመድ ከጉልበቴ በታች ጠመጠመና በቀፎ ቋጠሮ አሰረው። ያ ቋጠሮ በተሳበ ቁጥር ይጠብቃል እንጂ አይላላም። ለሰው ሥጋ የተበጀ አይደለም።

ከዚያ ሌሎቹ ለቃሚዎች ያዙኝ። ጌታሁን ንክሻውን በገጀራ ተለተለው። ጮህኩ። ላምባ አፈሰሰበት። እጁ አፌ አጠገብ ሲደርስ ነከስኩት። አልለቀቅኩም። በጥፊ መታኝ።

«እንግዲህ እባቡ ሁለት ሆነ!» ብሎ ሳቀ።

በቃሬዛ ተሸክመውኝ በዝናብ ወደ መኪና መንገዱ ወጣን። ወንዙ ሞልቶ ስለነበር እስኪጎድል ዳር ላይ ተኛሁ። እግሬ አበጠ። ጠቆረ። ጣቶቼ ደነዘዙ።

«ጋሼ፣ በእመቤቴ፣ ገመዱን አላላልኝ።»

«መርዙ ልብሽ እንዲገባ? ዝም በይ! ወንድሜንም የጨረስሽው በዚሁ ምላስሽ ነው።»

ከተሸካሚዎቹ አንዱ ሊፈታው እጁን ዘረጋ። ጌታሁን ገጀራውን አነሳበት። ከዚያ በኋላ ማንም አልነካውም።

ሚዛን ሆስፒታል ስንደርስ ሐኪሙ ገመዱን በመቀስ ቆረጠ። እግሬን በመርፌ ጠቀጠቀው። አልተሰማኝም።

«እህቴ፣ ከእባቡ የገባብሽ መርዝ ጥቂት ነው። እግርሽን የገደለው ደም ማጣቱ ነው። ጋንግሪን ሆኗል። ዛሬ ካልቆረጥነው ትሞቻለሽ።»

ቆረጡት።

ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ የሌለው እግሬ ያሳክከኝ ነበር፤ ነርሷ ቁስሉን እያጠበች፣ ሲደርቅልኝም በክራንች ግቢውን እያዞረችኝ፣ ስወድቅ እየተቆጣች ስነሳ እያጨበጨበች፣ ቀስ በቀስ መቆም አስተማረችኝ። ጌታሁን ማር ይዞ ሊጠይቀኝ መጣና አጠገቤ ለተኙት በሽተኞች «ባልደርስላት ኖሮ አፈር ነበረች» አላቸው። ማሩን ለነርሷ ሰጠሁ። እሱ ዛሬም በየልቅሶ ቤቱ እንዳዳነኝ ያወራል።

እኔ የማመሰግነው ሐኪሙን፣ ነርሷንና ሊፈታኝ እጁን የዘረጋውን ሰው ነው። እባብ የነደፋችሁ እንደሆነ እግራችሁን ሳታንቀሳቅሱ፣ በሰው ተሸክማችሁ ቶሎ ሐኪም ቤት ድረሱ። አትታሰሩ፤ አትበጡ። ገመድ ይዞ የሚመጣውን፣ ዘመድም ቢሆን ታላቅም ቢሆን፣ ይሉኝታ ሳይዛችሁ አባርሩት። እኔ «ጋሼ» እያልኩ ለመንኩት።