በቅሎዋ ስም ነበራት

የመጡት በቀትር ነው። ምሳ ልንበላ እጃችንን ታጥበን ነበር። የቀበሌው አብዮት ጥበቃዎች ጠመንጃ ፍለጋ ቤቱን ገለባበጡት፤ ያገኙት መጽሐፍ ብቻ ሆነ። ጥፋቱ የመጽሐፎቹ ዓይነት ነበር። እኔ የታሪክ አስተማሪ ነኝ፤ የራሶችንና የደጃዝማቾችን ታሪክ የያዘ መጽሐፍ ካየሁ ደመወዜ ይለቅ እንጂ አላልፈውም። ሚስቴ «እነዚህ መኳንንት አንድ ቀን ያስበሉሃል» ትለኝ ነበር። መጽሐፎቹን በጆንያ ጠቅጥቀው እኔኑ አሸከሙኝ።

የታሰርንበት ቤት ከዓለም ጤና የሚመጣ ሽንኩርት ይከማችበት የነበረ መጋዘን ነው። ሽንኩርቱ ከወጣ ቆይቷል፤ ሽታው ግን ግድግዳው ውስጥ ቀርቷል። የናዝሬት ፀሐይ ቆርቆሮውን ሲያግለው የሁላችንም ዓይን ያነባል፤ ከልቡ የሚያለቅሰው ማን እንደሆነ አይለይም። በሩ ሲከፈት መጀመሪያ ያየሁት እግር ነው፤ በጨርቅ የተጠቀለለ፣ ጫማ የማይገባበት፣ ያበጠ እግር። ደንግጬ ደጃፉ ላይ ቆምኩ፤ ከኋላ ገፍተው አስገቡኝ። ባለ እግሩ ሸምገል ያሉ የጭነት መኪና ሾፌር ነበሩ።

«በምን መጣህ ልጄ?» አሉኝ።

«በደጃዝማቾች።»

«ደጃዝማች ያሰረው ሰው አውቃለሁ» አሉ፣ ቦታ ሊለቁልኝ እግራቸውን በእጃቸው አንስተው እያሸሹ፤ «ስለ ደጃዝማች የታሰረ ግን ዛሬ ገና አየሁ።»

ሳቅኩ። እዚያ ቤት ውስጥ መሳቄ ለራሴም ገረመኝ።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ ተጠራሁ። ሰው ዘቅዝቀው የሚገርፉበትን እንጨት አልፌ ቢሮው ገባሁ። መርማሪው በዕድሜ ከእኔ የሚያንስ፣ ካኪ የለበሰ፣ ድምፁን ከፍ የማያደርግ ሰው ነው። የሾፌሩን እግር እንዲያ ያደረገው እሱ ነው። ጠረጴዛው ላይ ከመጽሐፎቼ አንዱ ተከፍቶ ተቀምጧል፤ በአዋሽ ዳር ሰፊ ርስት ስለነበራቸው አንድ ደጃዝማች የተጻፈ።

«ይህን አንብበኸዋል?»

«አዎ፣ ጓድ።»

«የደጃዝማቹ በቅሎ ስሟ ማነው?»

ያሾፈብኝ መሰለኝ። «ሸጊቱ» አልኩ።

«የሚስባትስ ሰው?»

ባስብ ባስብ አጣሁት። «አልተጻፈም።»

«አባቴ ነው» አለ።

ክው አልኩ። ለግርፋት ልቤን አዘጋጅቼ ነበር፤ ለዚህ ግን አላዘጋጀሁም። መጽሐፉን ወደ እኔ አዞረና በጣቱ አንድ መስመር ጠቆመኝ። ደጃዝማቹ አዋሽ ሞልቶ ሳለ ስለተሻገሩበት ቀን የሚተርክ ገጽ ነው። ሸጊቱ በእግዚአብሔር ቸርነት ተረፈች ይላል። ቀጥሎ «አንድ አሽከር ውሃ ወሰደው» ይልና ማታ ስለተደረገው ግብር ማውራት ይጀምራል። መጽሐፉን ደጋግሜ አንብቤዋለሁ፤ ያ መስመር መኖሩን ያየሁት ግን ያን ቀን ነው።

«ነገ የቀበሌው ሕዝብ ይሰበሰባል» አለ። «መጽሐፎችህ ይቃጠላሉ። ከመቃጠላቸው በፊት ይህን ገጽ ታነባለህ። ‹ደጃዝማቹ አሽከሩን ገፍትሮ ውሃ ውስጥ ጨመረው› ብለህ ነው የምታነበው። ከዚያ ወደ ቤትህ።» ብዕር ሰጠኝ። «እዚያው ላይ አርመህ ጻፈው።»

ሚስቴ እርጉዝ ነበረች። «ወደ ቤትህ» ሲለኝ ሌላው ሁሉ ከጆሮዬ ጠፋ። ብዕሩን ተቀበልኩ፤ ገጹ ላይ አጎነበስኩ።

«እውነት ገፍትረዋቸው ነው?» አልኩ። ከአፌ እንዴት እንደወጣ አላውቅም።

መስኮቱን እያየ ተናገረ። «በቅሎዋ ስትሰምጥ ደጃዝማቹ ‹ያዛት!› ብለው ከዳር ጮኹበት። ገባ። ዋና አይችልም። እናቴ ቆማ አይታለች።»

«እናትዎ ነገ ይመጣሉ?»

«ትመጣለች።»

«እንግዲያስ እሳቸው ያዩትን ላንብብ። ለአንዲት በቅሎ ሰው ወንዝ ውስጥ መስደድ አይበቃም እንዴ? ውሸት ምን ይጨምርበታል?»

ዓይኑን ወደ ገጹ መለሰ። «የአባትዎ ስም ማን ነበር?» አልኩት።

አሁን እሱ ደነገጠ። ይህን የጠየቀው ሰው ኖሮ አያውቅም መሰለኝ።

«ሁለት ነው» አለ። «አንዱን ደጃዝማቹ ናቸው ያወጡለት፤ ሲጠሩት እንዲቀላቸው። አንዱ እናቱ ያወጣችለት ነው።»

«እናታቸው ያወጡላቸውን ልጻፍ?»

«ኤዬ» አለ፤ በኦሮምኛ አዎ ማለቱ ነው። ስሙን በዝግታ ነገረኝ።

«አንድ አሽከር» የሚለውን ሰርዤ ከበላዩ «አቶ» ብዬ ስሙን ጻፍኩ። ብዕሩን ጠረጴዛው ላይ አኖርኩለት።

«ሌላውን አልጽፍም፣ ጓድ። ነገም የማነበው ይህንኑ ነው።»

ገጹን ብዙ አየው። በጥፊ ይለኛል ብዬ ጠበቅሁ። «ውጣ» አለኝ።

በማግስቱ አልተጠራሁም። ሕዝቡ ከተሰበሰበበት ሜዳ ጭብጨባ ሰማን፤ ኋላ የወረቀት ጭስ በበሩ ስር ገባ። ሾፌሩ እጄን ያዙኝ። ገጹ አብሮ ይቃጠል፣ መርማሪው ገንጥሎ ያስቀረው፣ እስከ ዛሬ አላወቅሁም። እኔ ወደ ቤቴ አልሄድኩም። የመጀመሪያ ልጄ እኔ መጋዘን ውስጥ ሳለሁ ተወለደች፤ ስወጣ በእግሯ እየሄደች ጠበቀችኝ፤ አላወቀችኝም፣ አለቀሰች።

አሁን ጡረተኛ ነኝ። አዳማ ውስጥ የመኳንንቱ ታሪክ እንደገና ይሸጣል፤ የልጅ ልጆቻቸው ያስጽፉታል፣ በሆቴል አዳራሽ ይመረቃል። እኔም እገዛለሁ፤ ሱስ ሆኖብኛል። ፈረሶቹ ዛሬም ስም አላቸው። «አንድ ዘበኛ»፣ «ጥቂት አሽከሮች» የሚል ቦታ ስደርስ ግን መነጽሬን አወልቃለሁ፤ ንዴቴ እስኪበርድ ማንበብ አልችልም።

መርማሪውን ይቅር ብለኸዋል ወይ ይሉኛል። አላልኩም፤ ያበጠውን እግር አይቻለሁ። አባቱ ግን ማንንም አልበደሉም። በዚህ ትዝታ የማንንም ሰው ስም አልጠራሁም፣ የራሴንም ጭምር። የእሳቸውን እጠራለሁ፤ አቶ ቱፋ ይባሉ ነበር።