የተጠለለ ውሃ

አክስቴ ልብስ ሰፊ ናት። ቀኑን ሙሉ ከስፌት መኪናዋ ፊት አንገቷን ደፍታ ስለምትውል፣ ጎረቤቶቿ "ሰውን የምታውቀው በጫማው ነው" እያሉ ይቀልዱባታል። ግቢዋ ውስጥ ያለችው አንዲት የውሃ ጉድጓድ ናት። ከአጥሩ ጀርባ ያለው የጨርቅ ማቅለሚያ ፋብሪካ ፍሳሹን መልቀቅ ከጀመረ ወዲህ ውሃው ቀይ ዝቃጭ ይዞ ይወጣል። ባሏ ግንበኛ ነበር፤ አሁን ኩላሊቱን ታሞ አልጋ ላይ ነው። ሐኪሙ "ይህን ውሃ ተዉት" ብሏል። ሌላ ውሃ ግን የለም።

አንድ ማኅበር ፍሳሹ እንዲቆም ፋብሪካውን በሕዝብ ጥቅም ስም ከሰሰ። የማኅበሩ ጠበቃ ወጣት ሴት ናት፤ የአክስቴ ደጃፍ ላይ ተቀምጣ ነገሩን አስረዳች።

"ለመክሰስ የግድ እኛ ራሳችን መታመም የለብንም፣ እትዬ። ስለ ሌላው ሆኖ መክሰስ ይቻላል። ማስረጃው ላይ ግን ማንም አይራራልንም። ውሃው መበከሉን፣ የበከለውም ፋብሪካው መሆኑን ማሳየት አለብን።"

"ባሌን ወስጄ ላሳያቸዋ።"

"እሳቸው መታመማቸውን ነው የሚያሳዩት። ምን እንዳሳመማቸው አይናገሩም።"

"እሱማ አሁን ሌላውንም ነገር መናገር ትቷል።"

"እሰማለሁ እኮ" አለ ባሏ ከውስጥ።

ፋብሪካው ፍሳሹን የሚለቀው ጎህ ሲቀድ ስለሆነ የጉድጓዱን ውሃ ናሙና እንድትቀዳ የተመረጠችው አክስቴ ናት። ከላቦራቶሪ የመጡትን ጠርሙሶች ተረከበች። እንዳታለቀልቃቸው፣ እስከ አፋቸው እንድትሞላቸው፣ ወዲያው እንድታሽጋቸው ተነገራት። ሁሉንም እንደተባለችው አደረገች።

ችሎት ላይ ውጤቱ ተነበበ። ብክለት አለ፤ ከተፈቀደው መጠን ግን አያልፍም። አክስቴ ምስክር ሆና ቆመች። የፋብሪካው ጠበቃ ድምፁ ለስላሳ ነበር።

"እናቴ፣ ከጉድጓዱ እንደቀዱት በቀጥታ ጠርሙሱ ውስጥ ጨመሩት?"

"አጥልዬ ነዋ።"

"በምን አጠለሉት?"

"በንጹሕ ነጭ ጨርቅ። ለሰው የሚሰጥ ውሃ ሳይጠለል ከቤቴ ወጥቶ አያውቅም።"

ከኋላ የሳቀ ሰው ነበር። ዳኛው አልሳቁም። የተጠለለ ውሃ ስለ ጉድጓዱ አያስረዳም ብለው ውጤቱን ውድቅ አደረጉ። ሁለቱም ወገኖች ባሉበት ባለሙያ እንደገና እንዲቀዳ አዘዙና ቀኑን በችሎት ተናገሩ። የፋብሪካው ጠበቃ ቀኑን ጻፈው።

ኮሪደሩ ላይ የኛ ጠበቃ ግድግዳ ተደግፋ ቆመች።

"ጨርቁስ የት አለ፣ እትዬ?"

"አጠብኩት።"

"በምን?"

"በምን አጥበዋለሁ ልጄ? በዚያው ውሃ።"

አክስቴ የጠበቃዋን ጃኬት እጅጌ ያዝ አድርጋ አየችው። "ይቺ ተተርትራለች። ስታልፊ አምጪልኝ" አለቻት።

በቀጠሮው ቀን ውሃው ጥርት ብሎ ኩል መስሎ ወጣ። ባለሙያው ቀዳ፣ አሸገ፣ ሁሉም ፈረሙ። ባሏ በመስኮት ሲያያቸው ቆይቶ፣ "እንግዳ እንደሚመጣ ሰምቶ ነው የተጣጠበው" አለ። ማንም አልሳቀለትም። ውጤቱ ንጹሕ ነው ተባለ፤ መዝገቡም ተዘጋ።

በዚያው ሰሞን አንድ ጠዋት አክስቴ እንደ ልማዷ ውሃ ቀድታ አጠለለች። ጨርቁ ቀላ። ለጠበቃዋ ደወለች።

"ሲቀዱ አብሮዎት የቆመ ባለሙያ አለ?"

"የለም።"

"ከፋብሪካው ሰውስ?"

"እኔ ብቻ ነኝ።"

"እንግዲያው አይቀበሉንም፣ እትዬ።"

"እሺ" አለችና ስልኩን ዘጋች።

ጨርቁን አላጠበችውም። ሜትሯን ከምትሰቅልበት ምስማር ላይ ሰቀለችው።

"ማን እንዲያየው ነው?" አላት ባሏ።

"ይድረቅ።"

የኪኒኑ ሰዓት ደርሶ ነበር። ሻሿን ከራሷ ፈታ ሁለት እጥፍ አድርጋ ብርጭቆው አፍ ላይ ዘረጋችና ውሃውን ቀስ ብላ አንቆረቆረችው።