ጎማው አልዞርም ሲል

ይህ ታሪክ ሊነገር የሚገባው መሆኑን እርግጠኛ አይደለሁም። ጀግና የለበትም፤ እኔም የምኮራበት ቦታ የለኝም። ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስት ጊዜ ቀድጄዋለሁ። ደግሞስ ጭቃ ስለ ያዘው ትራክተር ማን ማንበብ ይፈልጋል? ባለፈው ቅዳሜ ክፍል ውስጥ የሆነው ባይሆን ኖሮ አሁንም እተወው ነበር።

በሠላሳ አራት ዓመቴ የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝ። ጎንደር ቅዳሜና እሁድ እማራለሁ። አብረውኝ የሚማሩት ልጆች «ጋሼ» እያሉ የፊቱን ወንበር ይለቁልኛል፤ እኔም እንዳላሳፍራቸው የቤት ሥራዬን መጀመሪያ በእርሳስ ሠርቼ ከዚያ በእስክሪብቶ እገለብጠዋለሁ። ቅዳሜ ዕለት አስተማሪያችን ስለ ቶርክ፣ ማለትም አንድን ነገር ስለሚያዞረው ኃይል፣ ስታስረዳ «ሁላችሁም ቀኝ እጃችሁን አንሡ» አለች። «አራቱን ጣቶች ነገሩ ወደሚዞርበት እጠፏቸው። አውራ ጣታችሁ የሚጠቁመው የቶርኩን አቅጣጫ ነው።» ክፍሉ በሙሉ እጁን አነሣ። የእኔ እጅ ጠረጴዛው ላይ ቀረ። «እርስዎስ?» አለችኝ። አሞኛል ብዬ ወጣሁ።

አላመመኝም። ትምህርቱንም ከእነዚያ ልጆች ቀድሜ፣ በዐሥራ ሰባት ዓመቴ አውቀው ነበር።

ያደግሁት ኮኪት ነው። አስራ አንደኛ ክፍል ስደርስ መተማ ዮሐንስ ቤት ተከራይቼ እማር ጀመር። የፊዚክስ መምህራችን ከጎጃም የመጡ፣ ቀጭን፣ ፈገግታ የሚወድዱ ሰው ነበሩ። በሰኔ መጀመሪያ ስለ ቶርክ ጀመሩልን። ኃይል ሲባዛ በርቀት ነው፤ የበሩ እጀታ ከማጠፊያው የሚርቀውም፣ የጎማ መፍቻው ክንድ ረዥም የሆነውም ለዚህ ነው አሉን። በማግሥቱ ስለ አቅጣጫው ሊያስተምሩን ነበር፤ ወባ ጣላቸው። ከዓመቱ መጨረሻ በፊት አንድ ቀን ብቻ ብርድ ልብስ ደርበው መጥተው «የቀረውን መስከረም ላይ እጨርስላችኋለሁ» አሉን። እኔም መጠኑን ተምሬ፣ አቅጣጫውን ሳልማር፣ ለክረምት ሥራ ወደ እርሻ ወረድሁ።

በዚያ አገር ሐምሌ ማለት ዋልካ ነው። ደረቅ ሲሆን እግር የሚያስገባ ስንጥቅ ያለው ጥቁር አፈር፣ ዝናብ ሲያገኝ ጫማን ከእግር ያወልቃል። መንገዱ ስለሚቆረጥ የእርሻው ካምፕ ውስጥ የሚበላው ያለው ብቻ ነበር፤ የማሽላ ቂጣና ዌካ፣ ያ ሱዳኖች የሚወድዱት የደረቀ የባምያ ዱቄት ተቀቅሎ። ጾመ ሐዋርያት ስለነበር ማንም ሌላ አልጠየቀም። እኔ ሰሊጥ ከሚዘሩት ጋር ነበርሁ። ትራክተሩን የሚነዱት አያ ተገኘ ነበሩ። የእናቴ የአክስት ልጅ ናቸው፤ ለእኔ ግን አያ ተገኘ ማለት ሞተር ሲያስነሡ ከንፈራቸውን ወደ ጎን የሚነክሱ፣ ሲስቁ ድምፅ የማያወጡ ሰው ነበሩ። ከጎንደር የመጣው የእርሻው ባለሀብት ወኪል እንኳ አይጮህባቸውም ነበር።

ሦስት ቀን ዘንቦ ባባራበት ጠዋት ትራክተሩ ረግረጉ ላይ ሰጠመ። የኋላ ጎማዎቹ ባሉበት እየተሽከረከሩ ጭቃ ይረጫሉ። ቆፈርን፤ ቅጠል ጎዘጎዝን፤ ድንጋይ ብንፈልግ በዚያ ሜዳ ድንጋይ የለም። ወኪሉ መጥቶ ዳር ላይ ቆመ። ዘሩ በዚያ ሳምንት ካልገባ ሰሊጡ እንደማይደርስ ሁላችንም እናውቅ ነበር።

ያኔ ነው እኔ የተናገርሁት። «አያ ተገኘ፣ አንድ ረዥም ግንድ በሰንሰለት ከሁለቱ የኋላ ጎማዎች ጋር ቢታሰርስ? ጎማው ሲዞር ግንዱ መሬቱን ይነክሳል። ቶርክ ማለት ኃይል ሲባዛ በርቀት ነው። ግንዱ ከጎማው ዳር ስለሚታሰር ርቀቱ ትልቅ ነው።»

«ሲያደርጉት አይቻለሁ» አሉ አያ ተገኘ። «ግን አልወደውም።»

«ለምን?»

«እንጃ። ትራክተሩ ራሱ አይወደውም።»

ሠራተኞቹ ሳቁ። ወኪሉ ግን ወደ እኔ ዞሮ «አስራ አንደኛ ክፍል ነህ አይደል? ደረጃህስ?» አለኝ።

«ሁለተኛ ነኝ።»

«እንግዲህ ትራክተሩን ሳይሆን ተማሪውን ስሙ» አለ።

አያ ተገኘ አዩኝ። አስተያየታቸው አሁንም ፊቴ ላይ አለ። ጥያቄ ነበረበት፤ እኔ ደግሞ ሰው ሁሉ ስለሚያየኝ አንገቴን ቀና አድርጌ «ይወጣል» አልሁ።

«ተማሪው ካለማ» አሉና ሰንሰለቱን ራሳቸው አሰሩት።

ወንበሩ ላይ ወጡ። ማርሽ አስገብተው እግራቸውን ከፍሪሲዮኑ ላይ አነሡ። ጎማው ሩብ ዙር ያህል ዞረና ግንዱ ጭቃው ውስጥ ተቀርቅሮ ቆመ። ሞተሩ ግን አልቆመም። የትራክተሩ አፍንጫ ተነሣ። ቀስ ብሎ የሚነሣ መስሎኝ ነበር፤ እጄን ወደ ፊት ሳልዘረጋ ሆዱን፣ ዘይት የጠገበውን ጥቁር ሆዱን፣ አየሁት። ከዚያ አያ ተገኘ አልታዩም።

ያዳናቸው ያ የረገምነው ጭቃ ነው። ትራክተሩ ከነመሪው ወደ ውስጥ ቀበራቸው እንጂ አልጨፈለቃቸውም። በእጃችን፣ በሳህን፣ በቆርቆሮ ቆፍረን አወጣናቸው። ዳሌያቸው ተሰብሮ ነበር። በአልጋ ተሸክመን ጥርጊያው መንገድ ላይ እስክናደርሳቸው ድረስ አንድም ጊዜ ወደ እኔ አላዩም፤ ወይም እኔ ወደ እሳቸው አላየሁም ይሆናል።

እዚያው መኪና ስንጠብቅ ፖሊስ መጥቶ አያ ተገኘን ጠየቃቸው። «ግንዱን ማን አሰረው?» ሲላቸው «እኔ» ማለታቸውን ሰማሁ። እውነት ነበር። ማን እንደመከራቸው የጠየቃቸው የለም፤ እሳቸውም አልጨመሩም። ወኪሉ በበኩሉ በዓይኑ ቢያይም በአንድ ግንድ ትራክተር ወደ ኋላ ይገለበጣል ብሎ ሊያምን አልቻለም። ሌላ ምክንያት ፈለገ፤ በካምፑ ጥግ የሠራተኞች የአረቄ ጄሪካን ነበር። «ጠጥቶ ነው» አለ። ቃሉ ከኮኪት እስከ አብደራፊ ሄደ። አያ ተገኘ ከጎንደር ሐኪም ቤት በምርኩዝ ሲመለሱ መንዳት ባይችሉም ሞተር ማደስ ይችሉ ነበር። በመጠጥ ትራክተር የገለበጠን ሰው ግን ወደ ሞተሩ የሚያስጠጋ ባለሀብት አልተገኘም።

መስከረም ላይ መምህራችን ቃላቸውን ጠበቁ። ቀኝ እጃቸውን አንሥተው አሳዩን። ከዚያ አንድ ነገር ጨመሩ፦ «የሚያዞር ነገር ራሱም በተቃራኒው ይገፋል። ጎማውን ወደ ፊት የሚያዞረው ሞተር የመኪናውን አካል ወደ ኋላ ሊያዞረው ይሞክራል። ጎማው ስለሚዞርለት አናየውም እንጂ።»

እጄን አወጣሁ። «መምህር፣ ጎማው አልዞርም ካለስ?»

«እንግዲያማ አካሉ ይዞራላ!» አሉና ሳቁ።

ነጂው ወንበር ላይ እንደተቀመጥሁ አድርጌ ከዴስኩ ሥር ሞከርሁት። ጎማው ወደ ፊት ሲዞር መዳፌ ወደ መሬት ተደፋ፤ ጣቶቼ ወደ ፊት ታጠፉ፤ አውራ ጣቴ ወደ ግራ ጠቆመ። ከዚያ አፍንጫው ወደ እኔ እንዲነሣ እጄን ገለበጥሁት። መዳፌ ወደ ሰማይ ሆነ፤ አውራ ጣቴ ወደ ቀኝ ዞረ። መጠኑ ያው ነው። ርቀቱን ባስረዘምሁ ቁጥር ያጠነከርሁት እሳቸውን የሚገለብጠውን ነበር።

በዚያው ሳምንት ቅዳሜ ኮኪት ሄድሁ። አያ ተገኘ በር ላይ ተቀምጠው የከርከዴ ሻይ ይጠጡ ነበር። ሁሉንም ነገርኋቸው፤ እጄንም ገልብጬ አሳየኋቸው። እስክጨርስ ሰሙኝ።

«ይህን ለእኔ ምን ትነግረኛለህ?» አሉ። «እኔ እንዳልጠጣሁ አውቃለሁ። ለማያውቁት ንገር።»

«እነግራለሁ» አልሁ።

አልነገርሁም። ፈተና ደረሰ፤ ከፈተና በኋላ አልሁ። ውጤት ሳይመጣልኝ ቀረ፤ ሥራ ፈለግሁ፤ ያው ወኪል የሰሊጥ መጋዘኑ ሚዛን ላይ አቆመኝ። ጎበዝ ይለኝ ነበር። ጎበዝ በሚለኝ ሰው ፊት «ተሳስተሃል» ለማለት አፌ አይከፈትልኝም። የአያ ተገኘ ቤት በመንገዴ ላይ ስለነበር መንገዴን ቀየርሁ።

በኋላ፣ በጥር የማርያም በዓል ቀን፣ ሥራ ስለሌለ ነጂዎቹ ኮኪት ያለው ሻይ ቤት ተሰብስበው ነበር፤ ወኪሉም አብሯቸው። አንዱ አዲስ ነጂ ትራክተሩ ወንዝ ዳር ተይዞበት እንዳደረ ሲያወራ ሌላው «ግንድ እሰርበት» አለው። ሻዬን አስቀመጥሁ።

«ግንድ እንዳታስር» አልሁ። «አያ ተገኘን የገለበጣቸው እሱ ነው። እንዲያስሩ የመከርኋቸውም እኔ ነኝ። ያን ቀን አልጠጡም።»

«ግንድ ትራክተር ይገለብጣል እንዴ?» አለ ወኪሉ።

ቀኝ እጄን አነሣሁ።

«ምነው፣ ሊምል ነው?» አለ አንዱ፤ ሳቁ። እንዳላቋርጥ ፈጥኜ አስረዳሁ፤ ጣት፣ አውራ ጣት፣ ግራ፣ ቀኝ። ማንም የገባው አልመሰለኝም። ሰይድ የሚባል፣ ከወሎ የመጣ ሸምገል ያለ ነጂ ነው ያዳነኝ።

«ቆዩማ» አለ። «የዛገ ብሎን አልፈታም ሲል ቁልፉ ማንን ነው የሚጥለው?»

«ፈቺውን» አሉ ሁለት ሦስቱ።

«ይኸው ነው እኮ የሚላችሁ። ጣቱን ተዉትና።»

ከዚያ ሰይድ ለራሱ እንደሚናገር ሆኖ «ወይ ተገኘ» አለ።

ወኪሉ እኔን ብቻ ነበር የሚያየው። «ይህን ሁሉ ጊዜ ሚዛኔ ላይ ቆመህ ዛሬ ነው የታየህ?»

«ድሮም አውቅ ነበር። ፈርቼ ነው።»

«ነገ እንዳትመጣ።»

አያ ተገኘ ቤት ስደርስ ሰይድና ሁለት ነጂዎች ቀድመውኝ ገብተው ነበር። አያ ተገኘ መደቡ ላይ ነበሩ፤ የተሰበረው ዳሌያቸው ወደ ግድግዳው። ሽበት እንዳወጡ ያየሁት ያን ቀን ነው።

«ዘገየህ» አሉኝ።

ሌላ አልጨመሩም። እኔም ሌላ አልጠበቅሁም። ሰይድ ቦታ ለቀቀልኝና ተቀመጥሁ፤ እነሱ ስለ አንድ የተሰነጠቀ ሞተር ወሬያቸውን ቀጠሉ፤ አያ ተገኘም ከንፈራቸውን ነክሰው ይሰሙ ነበር።

ብዙ ጊዜ ያዘገየኝ ወኪሉን መፍራቴ ነው እል ነበር። አሁን እንደዚያ አይመስለኝም። ያ «ተማሪው ካለማ» የሚለው ቃል ደስ ስላለኝ ነው፤ ያንን ደስታ ከእኔ ላይ ማንሣት ከበደኝ። ዛሬም አስተማሪያችን ወረቀቴ ላይ «ጥሩ» ብላ ስትጽፍ አንገቴ ቀና ሲል ይሰማኛል፤ ያን ጊዜ ያላጣራሁት ነገር እንዳለ ወረቀቱን ደግሜ አነባለሁ። የሚመጣው ቅዳሜ ቀድሜ ገብቼ አለመታመሜን እነግራታለሁ።

ግንዱ የታሰረው ሐምሌ 3 ቀን 1999 ዓ.ም. ነበር። «ጠጥቶ ነው» የሚለው ወሬ ኮኪት ላይ ያበቃው ጥር 21 ቀን 2002 ዓ.ም. ነው።