በሀሌታው ሀ የመሠረትኩት ክስ

ስደተኛ በሌሊት ሹልክ ብሎ ይወጣል ሲባል እሰማ ነበር። እኔ ግን ከቦንጋ የወጣሁት በጠራራ ፀሐይ፣ ምሳ በልቼ፣ ሰው ሁሉ እያየኝ ነው። «ወዴት ነው መምህር?» ሲሉኝ «ጂማ፣ ለስልጠና» አልኩ። ደመወዝ ያልተከፈለው መምህር አበል ያለው ስልጠና አገኘ ብለው ያመኑኝ ይመስላችኋል? ከንፈራቸውን መጠጡልኝና ተሳፈርኩ።

ከአዲስ አበባ ሞያሌ፣ ከዚያ በናይሮቢ አድርጌ ካምፓላ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ መጀመሪያ ያጽናናኝ ሙዙ ነው። በየጓሮው ሳየው እንሰት መስሎኝ «ቆጮማ አለ» አልኩ። የቀረበልኝ ማቶኬ የሚሉት የሙዝ ገንፎ ሆነ፤ በእኛው አገር የሺሺንዳን ቆጮ በጎመን ለለመደ አፍ ከባድ ነው። ዝናቡ ግን የቦንጋ ነው፤ ሳይጠሩት ይመጣል።

አከራዬ ሥራዬን ጠየቀችኝ።

«መምህር ነበርኩ» አልኳት፣ ታከብረኛለች ብዬ።

«እንግዲያው የሦስት ወር በቅድሚያ ትከፍላለህ» አለች። «ባሌም መምህር ነው።»

ወደ ጉዳዬ ልግባ። ከአገር ከመውጣቴ በፊት ለውዝፍ ደመወዛችን ወረዳውን ስንከስ ስማችን በፊደል ተራ ይጻፍ ተባለ። ክፍያውም በዚያው ተራ መሰለኝ። የኔ ስም በብዙኀኑ ኃ ነው፤ በዚያ ሂሳብ ከነ ተስፋዬ ኋላ ልሰለፍ ነው። እኔ፣ ተማሪ «ኃይል»ን በሀሌታው ሀ ሲጽፍ ግማሽ ማርክ የምቀንስ የአማርኛ መምህር፣ «ሀይሌ» ብዬ ፈረምኩና አንደኛ ሆንኩ። ጡረታቸው የተቃረበው፣ ዓይናቸውን ለመታከም ይህንኑ ደመወዝ የሚጠብቁት ባልደረባዬ እትዬ ለምለም ሁለተኛ ሆኑ። መዝገቡም «እነ ሀይሌ» ተባለ።

ካምፓላ ሱቅ ውስጥ ዕቃ መደርደር እንደጀመርኩ እትዬ ለምለም ደወሉ። የወረዳው ጠበቃ የቅጥር ደብዳቤዬን አውጥቶ «ኃይሌን እናውቀዋለን፤ ሀይሌ የሚባል መምህር ግን አልቀጠርንም» ብሏል። ይህ እስኪጣራ የሁሉም ቀጠሮ ተራዘመ።

«ወይ ና፣ ወይ ውክልና ላክ» አሉኝ። «እኔ እንደሆን ጥቁር ሰሌዳው ላይ የጻፍኩትን ራሴ ማንበብ አቅቶኛል።»

አፈርኩ። በማግስቱ ውክልና ለማስጻፍ ወደ ኤምባሲያችን ሄድኩ። ጸሐፊው ፓስፖርቴን አገላበጠ።

«እዚህ ያለው በእንግሊዝኛ ነው። በየትኛው ሀ ልጻፍልዎት?»

«ፍርድ ቤቱ የሚያውቀኝ በሀሌታው ነው፤ ትክክለኛው ግን ብዙኀኑ ነው።»

«ሁለት ሰው ነዎት ማለት ነው?»

«አንድ ነኝ። ስግብግብ ነበርኩ እንጂ።»

«እሱ ፎርሙ ላይ ቦታ የለውም» አለኝ፣ ሳይስቅ።

ውክልናው በሀሌታው ቢጻፍ ከቅጥር ደብዳቤዬ፣ በብዙኀኑ ቢጻፍ ከክሱ ጋር ይጋጫል፤ የቀረው ከክሱ መውጣት ነበር። የለፋሁበትን ደመወዝ መተው ቆጨኝ፤ አልዋሻችሁም፣ ሁለት ሳምንት አመነታሁ። የእትዬ ለምለም ዓይን ግን አላስቀምጥ ሲለኝ ማመልከቻ ጽፌ፣ ፈርሜ፣ አገር ቤት በሚሄድ ሰው ላክሁ።

ትናንት ደወልኩላቸው።

«ተቀበሉት?»

«ተቀበሉት። መዝገቡ አሁን እነ ለምለም ሆኗል። ስም ጠሪው ግን ልማድ ሆኖበት ‹እነ ሀይሌ› ብሎ ተጣራ።»

«ታዲያ ምን አደረጋችሁ?»

«ምን እናደርጋለን፣ ሁላችንም ተነሣን።»

የዱቄት ከረጢት ላይ ተቀምጬ ነበር የማወራው። እኔም ብድግ አልኩ።