የቀይዋ መርዶ

ዓባይን ያላየ ምንጭ ያመሰግናል ይባላል። የኔው ሰውዬ ግን የሐይቅ ከተማ ተወላጅ ሆኖ፣ ከበራችን ወጣ ሲል ያን ሁሉ ውሃ ተንጣሎ እያየው፣ በመስታወት ሣጥን የተቀዳ ውሃ ማመስገን ጀመረ። ጡረታ እንደወጣ የወንድሙን ልጅ ሊጠይቅ አዲስ አበባ ሄዶ ነበር። ሰው ከአዲስ አበባ ሲመለስ ለሚስቱ ሻሽ ይዞ ይመጣል። እሱ ውሃ የተሞላ ፌስታል ደረቱ ላይ አቅፎ ከአውቶቡስ ወረደ። ፌስታሉ ውስጥ የጥፍር ቁራጭ የሚያካክሉ ቀያይ ነገሮች ይርመሰመሳሉ። ሽሪምፕ የሚባሉ ባለ ብዙ እግር የውሃ ፍጡሮች ናቸው አለኝ። ይበላሉ ወይ ብዬ ብጠይቀው ልጆቹን ልብላ ያልኩ ይመስል ተቆጣ።

ከዚያ በኋላ ቤቱ የነሱ ሆነ። የቧንቧ ውሃ እንደወረደ አይስማማቸውም፤ በባልዲ ተቀድቶ ማደር አለበት። ቁንጫ ቢጨርሰንም ፍሊት መንፋት ክልክል ነው፤ ይገድላቸዋል። ጎመን ይቀቀልላቸዋል፤ ጨው ግን ጫፉን እንዳይነካው። ወጤ ላይ ጨው አነሰ እያለ ዕድሜውን ሙሉ ሲያማርር የኖረ ሰው ለነሱ ሲሆን የጨው ጠላት ሆነ። መብራት ሲጠፋ አየር የሚነፋላቸው ሞተር ይቆማል። ያኔ ተነሥቶ ውሃውን በጭልፋ እየቀዳ መልሶ ያፈስላቸዋል። ለኔ ውሃ የቀዳልኝን ቀን ግን አላስታውስም።

ከሁሉም አንዲት ትልቅ አለች፤ ከሌሎቹ ይበልጥ የቀላች። ቀይዋ ይላታል። ጎመኑ ሲገባ ቀድማ የምትደርስ እሷ ናት፤ እሷን ሲያይ የሰውዬው ፊት ይፈካል።

እንዲህ እያለን የሐሞት ጠጠር ያዘውና ደሴ ሄዶ በቀዶ ጥገና እንዲወጣለት ታዘዘ። ባሏ ሲታመም ሚስት ታስታምማለች፤ የአገሩ ወግ ይኸው ነው። ልብሴን ሸክፌ ብነሣ፣ አንቺ ቅሪ፣ እኔ እህቴ ደሴ አለችልኝ፣ እነዚህ ግን ካንቺ ሌላ ማን አላቸው አለኝ። ትልቅ ክብር ነው፤ ለሽሪምፕ ታጨሁ። እየሳቅሁ ሸኘሁት። ውስጤ ግን በዚህ ዕድሜው ተቀዶ ይነሣ ይሆን እያለ እንቅልፍ ነሳኝ።

ለቀዶ ጥገናው አንድ ቀን ሲቀረው፣ ጠዋት ጎመኔን ይዤ ብጠጋ ቀይዋ በጎኗ ተጋድማለች። መልኳ ገርጥቷል፤ ውሃው ወዲያ ወዲህ ሲያደርጋት ዝም ብላ ትሄዳለች። ገድ ማየት ሃይማኖቴ አይፈቅድም። ልቤ ግን ሃይማኖቴን አላማከረም፤ እሷ ከሄደች እሱም አይመለስም አለኝ።

ጎረቤቴን ጠራኋት። እሷ ክርስቲያን፣ እኔ እስላም፤ በደስታም በሐዘንም ተለያይተን አናውቅም። ስለ ሽሪምፖቹ ግን ከሐይቁ ዓሣ ጋር ጠብሰሽ አብይኝ እያለች ስታላግጥብኝ የከረመች ሴት ናት። አሁንም ትስቃለች ብዬ ስጠብቅ ሣጥኑን አየች፣ ፊቴን አየች፣ ከዚያ ነጠላዋን አዘቅዝቃ አጠገቤ ተቀመጠች። ማታ ሲደውል ምን ልበለው ብዬ ጠየቅኋት።

«ምንም አትበይው እታለም» አለችኝ። «መርዶ በስልክ ይነገራል እንዴ? ያውም ለታመመ ሰው። ድኖ ይምጣ፤ ያኔ ኸሽማግሌ ጋር በጠዋት ገብተን እናረዳዋለን።»

ለጥፍር ቁራጭ ሽማግሌ ሊሰበሰብ ነው። እኔም አልሳቅሁም። በማንኪያ አውጥተን ከጓሮ ቀበርናት። ጎረቤቴ ነፍስ ይማር ልትል አፏን ከፍታ መልሳ ዘጋችው።

ማታ ደወለ። ስለ ሕመሙ ስጠይቀው ስለ ቀይዋ ይጠይቀኛል። ደህና ናት፣ ጎመኗን ጨርሳ ተኝታለች አልኩት። ነገ ሆዱ ለሚቀደድ ሰው ሌላ ምን ይባላል? አላህ ይቅር ይበለኝ፣ ድምፄ እንኳ አልተንቀጠቀጠም።

በማግስቱ ሰዓቱ ደረሰ። ስልኩን ጭኔ ላይ አድርጌ፣ የምሄድበት ስላጣሁ ሣጥኑ ፊት ተቀምጬ ዱዓ አደርጋለሁ፤ ጎረቤቴም በበኩሏ አምላኳን ትማጸናለች። እሱ ከሐይቁ ዳር ለቅሞ ካስገባው ድንጋይ ሥር አንዲት ነገር ተንቀሳቀሰች። ቀይዋ ናት። ከበፊቱ ይበልጥ ቀልታ፣ ምንም እንዳልተፈጠረ ወደ ጎመኑ አመራች። ኋላ እሱ እንዳስረዳኝ፣ እነዚህ ፍጡሮች ሲያድጉ አሮጌ ቅርፊታቸውን ያወልቁና አዲሱ እስኪጠነክር ይደበቃሉ። ያን ሁሉ ክልክል ሲደረድርልኝ ይህችን ብቻ ረስቷታል። ሽማግሌ ልንሰበስብ የነበረው ለወለቀ ልብስ ኖሯል።

እኛ ገና አፋችንን ከፍተን እያየናት ስልኩ ጮኸ። እህቱ ናት። በሰላም ወጥቷል፣ ነቅቷል ብላ ለሱ ሰጠችው። ምላሱ ከማደንዘዣው ገና በደንብ አልተፈታም። መጀመሪያ የጠየቀው ማንን እንደሆነ መናገር አያስፈልግም። ደህና ናት አልኩት፤ ዛሬ እንኳ ሳልዋሽ።



«አንችስ?» አለኝ።

ስልኩን ለጎረቤቴ ሰጠኋትና ጎመን ልቀቅል ማድቤት ገባሁ። ጨው እንዳይነካው ዓይኔን በሻሼ እየጠረግሁ ቀቀልኩት።